ዘሩ በጎተራ፣ መርዙ በማሳ

የአርሲ ደጋ ገበሬ በክረምቱ አጋማሽ የመርጫ ዕቃውን በጀርባው አዝሎ ወደ ስንዴ ማሳው ሲገባ፣ የያዘው ኬሚካል ወዳጁን ከጠላቱ ይለይለታል። ቱ ፎር ዲ የሚባለው ፀረ አረም ቅጠለ ሰፊውን አረም አጠውልጎ ይጥላል፤ ስንዴውን ግን ይተዋል። ካዱ በሚል ስም የሚታወቀው የጭላሎ የእርሻ ልማት ድርጅት በ1960 ዓ.ም. አሰላ ላይ ሥራ ከጀመረ ወዲህ ከማዳበሪያና ከምርጥ ዘር ጋር ለተዋወቀ አካባቢ ይህ እንግዳ ነገር አይደለም። ችግሩ የሚመጣው በሲናር ነው። ሲናር የሣር ወገን ነው፤ ስንዴም የሣር ወገን ነው። ራሳቸውን እስኪያወጡ ድረስ የለመደ ዓይን እንኳ ይስታቸዋል፤ ቱ ፎር ዲም አንዱን ትቶ ሌላውን መግደል አይሆንለትም። ካንሰር ለሰው አካል ሲናር ነው። ከውጭ የገባ ተባይ አይደለም፤ ከራሳችን ሴል የወጣ፣ የእኛኑ መልክ የያዘ፣ የእኛኑ ምግብ የሚሻማ ነው። ስለዚህ እርሱን የሚገድል መድኃኒት አብዛኛውን ጊዜ ከእኛም ሳይወስድ አይመለስም።

ገበሬው ሲናሩን ለይቶ የሚገድል ነገር ቢያጣ፣ ማሳውም ፈጽሞ በአረም ቢዋጥ የሚቀረው መንገድ አንድ ነው፤ ንጹሕ ዘር ለቅሞ ጎተራ ያስገባል፣ ማሳውን ከነበቀለበት ያጠፋል፣ ከዚያም ያስቀመጠውን ዘር መልሶ ይዘራል። የደም ካንሰር ሐኪሞች የግንደ ሴል ንቅለ ተከላ የሚሉት ሕክምና በአጭሩ ይኸው ነው። ማሳው የአጥንት መቅኔ ነው። ዘሩ ደም የሚያመነጨው ግንደ ሴል ነው። ማሳውን የሚያጠፋው መርዝ ደግሞ ብዙውን ጊዜ አልካይሌቲንግ ከሚባለው የኬሞቴራፒ ወገን የሚመረጥ ነው፤ ሜልፋላን፣ ቡሰልፋን፣ ሳይክሎፎስፋማይድ፣ ታዮቴፓ። ስለዚህ ሕክምና የሰማ ሰው ልቡ የሚያርፈው በመድኃኒቱ ኃይል ላይ ነው፤ የት ይገኛል፣ ስንት ያወጣል፣ ከየትኛው አገር የመጣው ይሻላል እያለ ይጠይቃል። የዚህ ጽሑፍ ሙግት ሌላ ነው። መርዙ አሮጌ ነው፤ አሠራሩም ከታወቀ ቆይቷል። ሰውን ያተረፈው በመርዙ ዙሪያ የተሠራው ጎተራና አጥር ነው። ይህን የተረዳ ሰው አሰላ ላይ ተቀምጦም ምን መጠየቅ፣ ምንስ መሥራት እንዳለበት ያውቃል።

አሠራሩን ለማየት ወደ ሴሉ ውስጥ መግባት ይኖርብናል። የሰውነታችንን መመሪያ የያዘው ዲኤንኤ እርስ በርሳቸው የተጠማዘዙ ሁለት ረጃጅም ክሮች አሉት። ሴሉ ለሁለት ሊከፈል ሲል ክሮቹ መላቀቅ አለባቸው፤ ለእያንዳንዱ አዲስ ጓደኛ የሚቀዳለት ከተላቀቁ በኋላ ነውና። ጥማድ በሬ ማሰብ ይረዳል። በሬዎቹ ቀን ጎን ለጎን ተጠምደው ይውላሉ፤ ማታ ግን ቀንበሩ ወርዶ ሁለቱም ይፈታሉ። አልካይሌቲንግ መድኃኒት የማይወርድ ቀንበር ነው። ሁለት ክንዶች አሉት፤ በአንዱ ከዲኤንኤ ፊደላት አንዱን፣ ጓኒን የሚባለውን፣ ይይዛል፤ በሌላው በወዲያኛው ክር ላይ ያለውን ጓኒን ጨብጦ ሁለቱን ክሮች በጽኑ ኬሚካላዊ ማሰሪያ ያጣብቃቸዋል። ሴሉ ሊከፈል ሲል ክሮቹ እምቢ ይላሉ። የጥገና ሥራ ያላቸው ፕሮቲኖች ማሰሪያውን ቆርጠው ለማውጣት ይረባረባሉ፤ ጉዳቱ ከአቅማቸው በላይ ከሆነ ሴሉ ራሱን እንዲያጠፋ ትእዛዝ ይደርሰዋል። ቶሎ ቶሎ የሚከፋፈል ሴል ለጥገና ፋታ ስለሌለው ቀድሞ ይወድቃል። ካንሰር እንዲህ ያለ ነው። የፀጉር ሥር፣ የአፍና የአንጀት ሽፋን፣ ከሁሉም በላይ የአጥንት መቅኔም እንዲህ ያሉ ናቸው። የሕመምተኛው ፀጉር የሚረግፈው፣ አፉ የሚቆስለው፣ ደሙ የሚያንሰው መድኃኒቱ ስለከሸፈ አይደለም፤ ወዳጅና ጠላት ሳይለይ ሥራውን ስለሠራ ነው።

መርዝ በልኩ ሲሆን መድኃኒት እንደሚሆን የደጋ ሰው ከኮሶ ተምሮታል። በአርሲ ተራሮች የሚበቅለው የዚህ ዛፍ ሴቴ አበባ ተወቅጦና ተበጥብጦ ሲጠጣ የሆድ ትሉን ያስወጣል፤ ከልክ ሲያልፍ ደግሞ ጠጪውን ራሱን ይጥላል። ስለዚህ አያቶቻችን ልኩን ይጠብቁ፣ የጠጣውንም ሰው ከሥራ አሳርፈው ይንከባከቡት ነበር። አልካይሌቲንጎች ለንቅለ ተከላ የተመረጡበት ምክንያትም ያለው በዚሁ በልክ ጉዳይ ላይ ነው። መጠናቸው ሲጨምር የሚገድሉት የካንሰር ሴል አብሮ ይጨምራል። ሌሎች መድኃኒቶች መጠናቸው ሲያድግ የሚጋጩት ከማይተካ አካል ጋር ነው፤ ዶክሶሩቢሲን ሲበዛ ልብን፣ ቪንክሪስቲን ሲበዛ ነርቭን ይጎዳል። ልብን ከጎተራ አውጥቶ መልሶ መዝራት አይቻልም። አልካይሌቲንጎች ግን ሲበዙ ከሁሉ አስቀድመው የሚያወድሙት መቅኔን ነው፤ መቅኔ ደግሞ ይተካል። ማልቲፕል ማይሎማ በሚባለው የመቅኔ ካንሰር ሜልፋላን በክኒን ሲሰጥ፣ በአንድ በተለመደ አወሳሰድ ለእያንዳንዱ ካሬ ሜትር የሰውነት ገጽ በቀን 9 ሚሊግራም ለ4 ቀን ይወሰዳል፤ ድምሩ 36 ነው። ለንቅለ ተከላ ሲሆን 200 ሚሊግራም በደም ሥር ይሰጣል። ይህን ያህል መድፈር የሚቻለው ዘሩ ጎተራ ስላለ ብቻ ነው።

የዚህ መድኃኒት ትውልድ ሲቆጠር ኢትዮጵያዊ አንባቢ ዝም ብሎ ሊያልፈው የማይገባ ነገር አለ። የአልካይሌቲንጎች ሁሉ አባት የሰናፍጭ ጋዝ ነው። ስሙን ያገኘው ከሽታው ነው እንጂ በአርሲ ማሳ ላይ ቢጫ ሆኖ ከሚያብበው ጎመንዘርም ሆነ ከጓዳው ሰናፍጭ ጋር ዝምድና የለውም። እ.ኤ.አ. በሐምሌ 1917 ጀርመኖች ኢፕር በምትባለው የቤልጅየም ከተማ አጠገብ መጀመሪያ ስለተጠቀሙበት ኢፕሪትም ይባላል። በታኅሣሥ 1928 ዓ.ም. የፋሺስት ኢጣሊያ አውሮፕላኖች በተከዜ ዳር በነበረው የራስ እምሩ ሠራዊት ላይ ጣሉት። ኢጣሊያ የመርዝ ጋዝን የሚከለክለውን የ1925ቱን የጄኔቫ ውል ፈርማ ነበር። የቀይ መስቀል ሐኪሞች የቆሰለውን ቆዳና የታወረውን ዓይን እያዩ መዘገቡ። ንጉሠ ነገሥቱ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ጄኔቫ ላይ በመንግሥታቱ ማኅበር ፊት ቆመው፣ ከሰማይ የሚረጨው መርዝ ወታደሩን፣ ሴቱን፣ ሕፃኑን፣ ከብቱን፣ ውኃውንና ግጦሹን እንዴት እንዳረሰረሰው ለዓለም ተናገሩ። በሚያዝያ 1931 ዓ.ም. ሰሜን ሸዋ ውስጥ በዘረት ዋሻ በተጠለሉ አርበኞችና ቤተሰቦቻቸው ላይም ይኸው ግፍ ተደገመ። የኢጣሊያ መንግሥት ድርጊቱን በይፋ ያመነው እ.ኤ.አ. በ1996 ነው።

ጋዙ የሚያቃጥለው ቆዳንና ሳንባን ብቻ አይደለም። ኤድዋርድና ሔለን ክረምብሃር የተባሉ አሜሪካውያን ባልና ሚስት በአንደኛው የዓለም ጦርነት በጋዙ የተጎዱ ወታደሮችን መርምረው፣ ነጭ የደም ሴላቸው እጅግ መቀነሱንና መቅኔያቸው መድረቁን እ.ኤ.አ. በ1919 አሳተሙ። ነገሩ ከ20 ዓመት በላይ ተዳፍኖ ቆየ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ወቅት በየል ዩኒቨርሲቲ ሉዊስ ጉድማንና አልፍሬድ ጊልማን፣ በጋዙ ውስጥ ያለው ድኝ በናይትሮጅን የተተካበትን ቅርጽ በእንስሳት ላይ ሞከሩ። ሐሳባቸው ቀላል ነበር፤ ጤነኛውን ነጭ የደም ሴል የሚያጠፋ ነገር ከዚሁ ሴል የተነሳውን ካንሰር ለምን አያጠፋም? እ.ኤ.አ. በነሐሴ 1942 ሊምፎማ የሚባለው ካንሰር ላጠቃው አንድ ሰው ሰጡት። አንገቱን አንቆ የያዘው ዕጢ በቀናት ውስጥ ሟሟ። ቆይቶ ግን ተመልሶ መጣ፤ ሕመምተኛውም ከጥቂት ወራት በኋላ አረፈ። እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 2 ቀን 1943 ጀርመኖች በኢጣሊያ ያለውን የባሪ ወደብ ሲደበድቡ የሰናፍጭ ቦምብ ጭና የነበረች የአሜሪካ መርከብ ፈነዳች፤ ከ600 የሚበልጡ ሰዎች በጋዙ ተጎድተው ሆስፒታል ገቡ፣ 83ቱም ሞቱ። ስቱዋርት አሌክሳንደር የተባለው ወታደራዊ ሐኪም የእነዚህን ሰዎች ደም ሲቆጥር ያገኘው ያንኑ የነጭ ሴል መመናመን ነው። እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ ቡሰልፋንና ሜልፋላን ተሠሩ። በዚያው ዘመን በጀርመን ኖርበርት ብሮክና ባልደረቦቹ ጉበት እስኪቀሰቅሰው ድረስ ተኝቶ የሚቆየውን ሳይክሎፎስፋማይድን አወጡ።

እዚህ ላይ ከባድ ጥያቄ ይነሳል። ሕዝባችንን ከፈጀ መርዝ የተወለደን መድኃኒት በምስጋና መቀበል ይገባል? ዛሬ የጡት ካንሰር የያዛቸው ብዙ ኢትዮጵያውያን ሴቶች ሳይክሎፎስፋማይድን በደም ሥራቸው ስለሚወስዱ ጥያቄው የታሪክ ብቻ አይደለም። አንዳንዶች ከክፋት መሐል በጎ ነገር ወጣ ብለው ይጽናናሉ። እኔ በዚህ መጽናናት አልስማማም። ጋዙ በተከዜ ዳር ሲወርድ፣ ይህ ነገር መቅኔን እንደሚያደርቅ የሚናገረው ጽሑፍ ከታተመ 16 ዓመት አልፎት ነበር። መድኃኒቱን ለማግኘት የራስ እምሩ ወታደር መቃጠል አላስፈለገም፤ የተጻፈውን አንብቦ ወደ ቤተ ሙከራ የሚገባ ሰው ይበቃ ነበር። ስለዚህ መድኃኒቱ ወንጀሉን አያጥበውም፤ ወንጀሉም መድኃኒቱን አያረክሰውም። ከዚህ የምንወስደው ትምህርት ከመጽናናት ይልቅ ለተግባር የሚጠቅም ነው። በሜዳ የገደለውና በሆስፒታል የሚያድነው ነገር የአንድ ቤተሰብ ኬሚካል ነው። በመሐላቸው ያለው ልዩነት ልኩ፣ የሚገባበት መንገድ፣ ሰዓቱና የተቀባዩ ጥበቃ ነው። እነዚህ በሌሉበት ሆስፒታል ሳይክሎፎስፋማይድ ወደ ጥንት ጠባዩ የመመለስ ኃይሉ አልጠፋም።

ንቅለ ተከላውን በቅርብ ስናየው ይህ ጥበቃ ምን እንደሆነ ግልጽ ይሆናል። የራሱን ዘር የሚጠቀም የማይሎማ ሕመምተኛ በመጀመሪያ ለቀናት መርፌ ይወጋል፤ መርፌው ግንደ ሴሎችን ከመቅኔ ወደ ደም ያወጣቸዋል። ደሙ በማሽን ውስጥ እያለፈ ሴሎቹ ይለቀማሉ፣ የቀረው ደም ወደ ሰውየው ይመለሳል። የተለቀመው ዘር ከዜሮ በታች 196 ዲግሪ በሚደርስ ፈሳሽ ናይትሮጅን ውስጥ ይቀመጣል። ቀጥሎ ሜልፋላን ይሰጣል። ዱቄቱ ከተበጠበጠ በኋላ ኃይሉ ቶሎ ስለሚደክም በ60 ደቂቃ ውስጥ ገብቶ ማለቅ አለበት። መድኃኒቱ በደም ሥር ሲወርድ ሕመምተኛው በረዶ ይሰጠውና አፉ ውስጥ እያገላበጠ ይመጠዋል። ቅዝቃዜው የአፉን የደም ሥሮች ያጠብባቸዋል፤ የጠበበ ሥር ትንሽ መድኃኒት ያደርሳል፤ አፉም ከከባድ ቁስለት ይድናል። አንድ ጽዋ በረዶ ሰውን ለሳምንት ከመዋጥ ችግር ያተርፈዋል። አንድ ቀን ያህል አልፎ መድኃኒቱ ከደም ሲጠራ ዘሩ እንደ ተራ ደም በቱቦ ይገባል፤ ሴሎቹም መንገዳቸውን ራሳቸው አውቀው መቅኔ ውስጥ ይሰፍራሉ። ከዚያ የሚመጡት 10 እስከ 14 ቀናት ከሁሉ የከበዱ ናቸው። ነጭ ሴል የለም፣ ደም የሚያረጋው ፕሌትሌት የለም፤ ሰውየው አጥር እንደፈረሰበት ግቢ ነው። በእነዚህ ቀናት የሚያኖረው ሜልፋላኑ አይደለም፤ የለገሱለት ደም፣ በጊዜው የደረሰለት ፀረ ባክቴሪያና የነርሷ የታጠበ እጅ ናቸው።

ይህ ሁሉ ድካም ፍሬ እንዳለው ማስረጃው ምን ይላል? እ.ኤ.አ. በ1996 የፈረንሳይ ሐኪሞች 200 የማይሎማ ሕመምተኞችን በሁለት ከፍለው ያደረጉት ጥናት ታተመ። በከፍተኛ መጠን መድኃኒትና በንቅለ ተከላ ከታከሙት 52 በመቶው፣ በተለመደው ኬሞቴራፒ ከታከሙት ደግሞ 12 በመቶው 5 ዓመት እንደሚኖሩ ስሌቱ አሳየ። ሙግት የሚነሳው በኋላ በመጡት መድኃኒቶች ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 የታተመው የዚያው አገር ጥናት 700 ሕመምተኞችን ይዞ፣ ሁሉም አዳዲሶቹን ቦርቴዞሚብንና ሌናሊዶማይድን እንዲወስዱ አድርጎ ንቅለ ተከላ ያለውንና የሌለውን አነጻጸረ። በሽታው ሳይመለስ የቆየበት ጊዜ ንቅለ ተከላ ላገኙት 50 ወር፣ ላላገኙት 36 ወር ሆነ፤ በ4 ዓመት ውስጥ በሕይወት በቆዩት ሰዎች ቁጥር ግን ልዩነት አልታየም። ስለዚህ አሮጌው መርዝ ዘመኑ አልፎበታል የሚል ሰው መነሻ የለውም አይባልም። ሥር በሰደደው ማይሎይድ ሉኪሚያ በእርግጥም ቡሰልፋን ለኢማቲኒብ ቦታውን ለቋል፤ ኢማቲኒብ ሲናሩን ከስንዴው የሚለይ መድኃኒት ነው፣ በጥቁር አንበሳ ሆስፒታልም በእርዳታ ፕሮግራም ለብዙዎች ደርሷል። ነገር ግን እንዲህ የሚለይ መድኃኒት የተገኘለት ካንሰር ጥቂት ነው፤ አዳዲሶቹም ለወራትና ለዓመታት በተከታታይ መገዛት አለባቸው። ለድሃ አገር በአንድ ጊዜ የሚሰጥ አሮጌ መድኃኒት 14 ወር እፎይታ ከጨመረ ክብደቱ ለሀብታም አገር ካለው ይበልጣል።

ዘሩ ከሌላ ሰው ሲመጣ ነገሩ ይለወጣል። በአስቸጋሪ የደም ካንሰሮችና መቅኔ በሚደርቅበት በሽታ የሕመምተኛው የራሱ ዘር አይበቃም ወይም ራሱ የታመመ ነው። በዚህ ጊዜ መርዙ ሁለት ሥራ ይሠራል፤ ካንሰሩን ይመታል፣ እንግዳውን ዘር እንዳያባርር ደግሞ የሕመምተኛውን የመከላከል ኃይል ያስተኛል። ሰጪው በሚገባ መግጠም አለበት። የአንድ እናትና አባት ልጅ ለወንድሙ ወይም ለእህቱ ሙሉ በሙሉ የመግጠም ዕድሉ ከ4 አንድ ነው፤ ስለዚህ 4 ወንድምና እህት ያለው ሰው ከመሐላቸው አንድ የሚገጥም የማግኘት ዕድሉ 68 በመቶ፣ 6 ያለው ደግሞ 82 በመቶ ያህል ይሆናል። በአሜሪካ የለጋሾች መዝገብ ላይ እ.ኤ.አ. በ2014 የታተመ ጥናት እንዳሳየው የአውሮፓ ዝርያ ያለው ሕመምተኛ ሙሉ ገጣሚ የማግኘት ዕድሉ 75 በመቶ ሲሆን የጥቁሮች ከ16 እስከ 19 በመቶ ነበር። በውጭ ለሚኖር ኢትዮጵያዊም ሆነ ለአርሲ ሰው የተሻለው መዝገብ እንግዲህ ቤተሰቡ ነው። ለግማሽ ገጣሚም ቢሆን በሩን የከፈተው ይኸው አሮጌ ሳይክሎፎስፋማይድ ነው። በጆንስ ሆፕኪንስ ሐኪሞች መንገድ፣ ዘሩ ከገባ በ3ኛውና በ4ኛው ቀን ሲሰጥ እንግዳውን አካል ለመውጋት የተቆጡትን ሴሎች ይመታል፤ ግንደ ሴሎቹ ግን መድኃኒቱን የሚያከሽፍ ኢንዛይም በብዛት ስላላቸው ይተርፋሉ። ስለዚህ እናት ለልጇ፣ ልጅም ለአባቱ መለገስ ችለዋል።

የሚያስከፍለውን መደበቅ አይገባም። አልካይሌቲንጎች በኋለኛው ዘመን ሌላ የደም ካንሰር ሊያመጡ ይችላሉ፤ ዲኤንኤን የነካ እጅ ዱካ ይተዋልና። ቡሰልፋን የጉበትን ጥቃቅን የደም ሥሮች ሊደፍንና የሚጥል በሽታ ሊቀሰቅስ ስለሚችል አስቀድሞ መከላከያ ይሰጣል። ታዮቴፓ በላብ በኩል ስለሚወጣ ሕመምተኛው በቀን ደጋግሞ ካልታጠበ ቆዳው ይቃጠላል። ለብዙ ቤተሰብ ከሁሉ የሚያመው ግን መካንነት ነው። ልጅ የሕይወት ምሰሶ በሆነበት ማኅበረሰብ ለአንዲት የ20 ዓመት ወጣት ሳይነግሩ እንዲህ ያለ መድኃኒት መስጠት ከበደል ይቆጠራል። እንዲህ ከሆነ ለምን ይሰጣል ለሚል ሰው መልሱ ያለው በንጽጽሩ ውስጥ ነው፤ አፋጣኙ ሉኪሚያ ካልታከመ በሳምንታት ወይም በወራት ይገድላል። ከሩቅ ሊመጣ በሚችል አደጋና በደጅ በቆመ ሞት መሐል ምርጫው የሕመምተኛው ነው፤ ለመምረጥ ግን ሁለቱንም በሚገባው ቋንቋ፣ በአማርኛም ሆነ በኦሮምኛ፣ ሊሰማ ይገባዋል።

አሁን ወደ ትልቁ ተቃውሞ እንምጣ። ብዙ ሕመምተኛ ካንሰሩ ከተስፋፋ በኋላ በሚመጣበት አገር፣ በአሰላ ላይ ሆኖ ስለ ንቅለ ተከላ ማውራት ቅንጦት አይሆንም? ከአሰላ አዲስ አበባ በአዳማ በኩል 175 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ የብዙ የአርሲ ካንሰር ሕመምተኛ መንገድ ይኸው ነው፤ አቅም ያለው ደግሞ ወደ ሕንድ ይበራል። ተቃውሞው ንቅለ ተከላን እንደ አንድ ውድ ዕቃ ከቆጠርነው ትክክል ነው። እንደ ሰንሰለት ካየነው ግን ይፈርሳል። የሰንሰለቱ ቀለበቶች ደም፣ ጀርሙን በስሙ የሚጠራ ላቦራቶሪ፣ ንጹሕ እጅ፣ መድኃኒት በጥንቃቄ የሚበጠበጥበት ክፍልና ትኩሳትን የማይንቅ ተረኛ ናቸው። እነዚሁ ቀለበቶች ወሊድ ላይ ደም የፈሰሳትን እናት፣ ሳይክሎፎስፋማይድ የምትወስደውን የጡት ካንሰር ሕመምተኛ፣ ሴፕሲስ የያዘውን ጨቅላም ያድናሉ። አሰላ ከዜሮ አትነሳም። የአርሲ ዩኒቨርሲቲ የሚያስተምርበት ሪፈራል ሆስፒታል አላት፤ ከጀርመኑ የዱሴልዶርፍ ዩኒቨርሲቲ ጋር በመተባበር የተቋቋመው የሂርሽ የትሮፒካል ሕክምና ተቋም የተላላፊ በሽታ ምርምር ያደርጋል። ጎተራው ራሱም ሁልጊዜ ናይትሮጅን አይጠይቅም። ሜልፋላን በአጭር ጊዜ ስለሚሰጥ የተለቀመው ዘር በ4 ዲግሪ ማቀዝቀዣ ለ2 ወይም ለ3 ቀን ተቀምጦ መመለስ ይችላል፤ የአልጄሪያዋ ኦራን ከተማ ሐኪሞች እ.ኤ.አ. ከ2009 ጀምሮ የሠሩት በዚህ መንገድ ነው። ኩላሊት መትከልም አዲስ አበባ ላይ በቅዱስ ጳውሎስ ሆስፒታል በ2008 ዓ.ም. መጀመሪያ እስኪጀመር ድረስ የውጭ አገር ወሬ ነበር።

ከሰንሰለቱ ቀለበቶች አንዱ ደግሞ ከሆስፒታል ውጭ፣ ከቤት ውስጥ ነው። አልካይሌቲንግ የሚወስድ ሰው ሰውነቱ 38 ዲግሪና ከዚያ በላይ ከጋለ እስኪነጋ መጠበቅ የለበትም፤ ነጭ ሴል የሌለው ሰው በሰዓታት ውስጥ ሊያልፍ ይችላል። በላምና በወተት በሚታወቀው በአርሲ ጥሬ ወተትና ካልፈላ ወተት የተሠራ እርጎ ለእንግዳ የሚቀርብ ክብር ነው፤ ደሙ ለወረደበት ሰው ግን ወተቱ ይፍላ፣ ሥጋው ይብሰል። ሳይክሎፎስፋማይድ ተሰባብሮ ሲወጣ ፊኛን የሚያደማ ቅሪት ስላለው ውኃ በብዛት መጠጣትና ሽንት አለመያዝ ያስፈልጋል፤ ክርስቲያኑ በሁዳዴ፣ ሙስሊሙ በረመዳን ይህን ለሐኪሙም ለሃይማኖት አባቱም ይንገር፤ ሁለቱም እምነቶች ለታመመ ሰው ፈቃድ አላቸው። አስታማሚዋም ትጠበቅ። ሕመምተኛው መድኃኒት ከወሰደ በኋላ ለ48 ሰዓት ያህል ሽንቱንና ትውከቱን ስትጠርግ ጓንት ታድርግ፤ ነፍሰ ጡር ከሆነች ሌላ ሰው ይተካት። እነዚህ ነገሮች ትንሽ ይመስላሉ፤ ከሆስፒታሉ በረዶ ጽዋ ጋር ግን የአንድ ወገን ናቸው፤ ሁሉም የአጥሩ እንጨቶች ናቸው።

የጥሩ ገበሬ ችሎታ የሚለካው በመርጫ ዕቃው ትልቅነት አይደለም፤ ጎተራው ደረቅ መሆኑ፣ ዘሩ ንጹሕ መሆኑ፣ የዘራበት ማሳ ቡቃያው እስኪጠነክር መጠበቁ ይታያል። አልካይሌቲንጎችን ለእኛ የፈጠሩልን ሌሎች ናቸው፤ ከነሱም የመጀመሪያውን የተቀበልነው በተከዜ ዳር እንደ መርዝ ነበር። እንደ መድኃኒት የምንቀበለው አጥሩን ስንሠራ ነው፤ አጥሩን ማንም ሠርቶ አይልክልንም። ሥራው የሚጀመረው ነገ ከሚቆም ሕንፃ ሳይሆን ዛሬ ማታ ነው፤ ጡቷ ላይ በወጣ ካንሰር ኬሞቴራፒ ጀምራ፣ ከቦቆጂ ወይም ከሁሩታ ትኩሳት ይዟት አሰላ የገባችን ሴት ተረኛው ከወረፋው አውጥቶ በመጀመሪያው ሰዓት መድኃኒት ሲያስጀምርላት፣ ደም ሲያስፈልጋትም የለገሰላት ሰው አስቀድሞ በከተማው ውስጥ ሲገኝ።